«ቁጭ በይ» ያልናት ጠዋት

ጦርነቱ ከተማችንን መርሳን አንድ ጊዜ ረግጧት ሄዶ፣ ተመልሶ ይመጣል አይመጣም እያልን በምንሟገትበት ሰሞን፣ ከአዲስ አበባ አንድ ድርጅት መጣ። ድርጅት ሲባል ዘይት ወይ ዱቄት የያዘ መስሎን ተሰልፈን ነበር። ይሄኛው ግን ሊሰጠን ሳይሆን ሊወስድ ነው የመጣው፤ ታሪካችንን። ሴቶች የደረሰባቸውን በራሳቸው አንደበት ይናገሩ ተባለ፤ ስልጠና በሚል ስም፣ በሆቴል አዳራሽ፣ ከምሳና ከታሸገ ውሃ ጋር። የሰፈራችን ሴት ደግሞ ለማውራት ምሳ ተጋብዛ አታውቅም፤ ዝም እንድትል ቢጋብዟት ይቀል ነበር።

እኔ መንገድ ዳር ማንጎና ፓፓያ ነው የምሸጠው፣ ከደሴ ወልድያ ለሚመላለሰው መንገደኛ። በአውቶቡስ መስኮት እየተከራከርኩ ስላረጀሁ፣ አፍ የሚያስፈልገው ጉዳይ ሲመጣ ሰፈሩ ወደ እኔ ያያል። የሴቶች እድራችን ጸሐፊ አድርጎ የመረጠኝም ለዚሁ ነው እንጂ ጽሕፈቴስ ዶሮ የጫረው ነው የሚመስለው። ቀበሌው ታዲያ ሴቶቹን እናንተ ሰብስቡ ብሎ ነገሩን በሦስታችን ላይ ጣለው፤ በሊቀመንበራችን፣ በገንዘብ ያዣችንና በእኔ።

መጀመሪያ የምንጠራት ሴት ማን እንደሆነች ለመምረጥ አልተቸገርንም። ከእኔ ጋር በአጥር የምትዋሰን ጎረቤቴ ናት። ባሏ በወጣትነቷ ሞቶባት አንድ ልጇን ብቻዋን አሳድጋለች። ልጁ የሰው ባጃጅ ይነዳ ነበር፤ ከዚያ ዘመተ፣ ከዘመተ ወዲህም ድምፁ ጠፋ። አለ አይባል፣ የለም አይባል። አብረውት ከሄዱት አንዱ ቆቦ አካባቢ አይቼዋለሁ ይላል፤ ሌላው ስሙ ሲነሳ ወሬ ይቀይራል። እሷ እንደሁ ሰውነቷ አልቆ ልብሷ ብቻ የሚሄድ ይመስል ነበር። እኛም የምንላት እየጠፋን፣ ባገኘናት ቁጥር ስለ ቲማቲም መወደድ ነበር የምናወራት።

ስብሰባው በጠዋት ነው ስለተባለ ገና ሲነጋጋ ተነሳን። ሆቴል መግባት ቀልድ አይደለምና ያለንን ነጭ ነጠላ አውጥተን ለበስን። ሊቀመንበራችን ከፊት፣ እኛ ከኋላ ሆነን በሯን አንኳኳን። እንግዲህ በእኛ አገር መርዶ የሚነገረው ልክ እንደዚህ ነው። ሲነጋጋ ነው፤ ተሰብስቦ፣ ነጠላ ለብሶ፣ ትልቁን ሰው አስቀድሞ። ስንቱን ቤት እየዞርን ያረዳን ሴቶች፣ ይሄ ነገር አንዳችንም ጭንቅላት ውስጥ ብልጭ አላለም። እኔ በበኩሌ ሳስብ የነበረው ምሳው ሥጋ ይኖረው እንደሆነ ነው።

በሩን ከፍታ አየችን። ሊቀመንበራችን ትሕትና ያሳየች መስሏት፣ ለቅሶ ቤት በለመደው ለስላሳ ድምፅዋ፣ «እህቴ፣ እስቲ ቁጭ በይ፤ የምንነግርሽ ነገር አለ» አለቻት።

ቁጭ አላለችም፤ ወደቀች። እንደዚያ ያለ ጩኸት ከሰው ጉሮሮ ይወጣል ብዬ አስቤ አላውቅም። እኔ ስልጠና ነው እያልኩ ትከሻዋን እወዘውዛለሁ፤ ሊቀመንበራችን ምሳም አለው ትላለች፤ ማን ይስማን። የሰፈራችን ሰው ደግሞ ጩኸት ሲሰማ መጀመሪያ ያለቅሳል፣ ማን እንደሞተ ኋላ ይጠይቃል። አጥር እየዘለለ መጣ። የልጁን ስም እየጠራ ደረቱን የሚመታ መጣ። ለሰርግ ሲጠሩ እስከ ቀትር የሚጎተቱት የሰፈሩ ጎረምሶች የእድሩን ድንኳን ተሸክመው እየበረሩ መጥተው ተከሉት። ገንዘብ ያዣችን እውነቱን እያወቀች፣ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ከሰዉ ጋር ታለቅሳለች። ምን ሆነሽ ነው ብላት፣ እኔ እንጃ፣ መጣብኝ አለችኝ።

ነገሩ ኋላ ተገለጠ፤ መርዶ አልነበረም። አንድ አዛውንት በሉ ድንኳኑን ንቀሉ ቢሉም የሚነሳ ሰው ጠፋ። ከዚያ ከውርጌሳ ተፈናቅላ መጥታ እኛው ጋ የቀረች ሴት፣ ካለቀስን አይቀር የእናቴንም እናልቅስ አለች። እናቷ ስኳር ነበረባት። መንገዱ ተዘግቶ፣ መድኃኒት ጠፍቶ ሞተች፤ በተኩስ መሃል ጓሮ ተቀበረች፣ አልቃሽም አላገኘች። አለቀስንላት። ሌላዋ ታጣቂዎች ቤቷ ገብተው ዶሮዎቿን አርደው ወጥ ሥሪልን ሲሏት፣ ያላትን ሚጥሚጣ በሙሉ ገልብጣ እንዴት እንዳነደደቻቸው ነገረችን። ለቅሶ ድንኳን ውስጥ እስኪያመን ሳቅን። ቀጥላ ግን ከመካከላቸው አንዱ፣ ጢም እንኳ ያላወጣ ልጅ፣ እንባው እየወረደ እማማ እግዜር ይስጥልኝ እንዳላትና እስከዛሬ እሱ ብቻ እንደሚቆጫት ስትናገር ሳቁ ቆመ። አንዷ ተራዋ ሲደርስ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ መሬት መሬት አየች። ማንም አልጠየቃትም። አጠገቧ ያለችው እጇን ያዘቻት፣ ወሬውም ወደ ቀጣይዋ አለፈ።

የድርጅቱ አሰልጣኝ ባዶ አዳራሽ ውስጥ ጠብቃ ጠብቃ ሲሰለቻት በባጃጅ መጣች። አንገቷ ላይ ባጅ ያንጠለጠለች ልጅ እግር ናት። ድንኳኑን አይታ ደነገጠች፤ የሆነውን ስነግራት የባሰ ደነገጠች። ይቅርታ ስትጠይቅ ቆየችና፣ መቼም ሥራ ነውና፣ ጎረቤቴ አጠገብ ተቀምጣ እርስዎ አሁን ምን ይሰማዎታል ብላ ጠየቀቻት። ይቺን ጥያቄ የሚያስተምሩበትን ትምህርት ቤት ባገኘው በሩን በጭቃ ነበር የምመርገው። ትጮህባታለች ብዬ ስጠብቅ፣ ጎረቤቴ ፊቷን በሻሿ ጠረግ አደረገችና ከወደቀች ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ተናገረች።

«ደስ አለኝ» አለች። «ወላሂ፣ ደስ ብሎኝ ነበር፣ ልጄ። እነዚህን ደጄ ላይ ሳያቸው፣ አልሐምዱሊላህ፣ አበቃ አልኩ። አልቅሼ፣ ሰደቃዬን አውጥቼ፣ እንደ ሰው እተኛለሁ አልኩ። አሁን ደግሞ የለም፣ ስልጠና ነው ይሉኛል። ነገም ልጠብቅ ነው?»

ለሬሳም ለሙሽራም የምትለው የማታጣው ሊቀመንበራችን፣ አጠገቧ መሬት ላይ ቁጭ አለች። አልሞተም እኮ ስንላት የምሥራች የነገርናት መስሎን ነበር። አፈርኩ፤ ከማፈሬ ይልቅ ደግሞ አዘንኩ።

ስልኳን ከጉያዋ አወጣች። በየቀኑ እንደምታደርገው የልጇን ቁጥር ደወለች፤ ያን ቀን ግን ሁላችንም እንድንሰማ ድምፁን ከፍ አደረገችው። ያቺ ስልክ ውስጥ የምትኖረው ሴት፣ በዚያ ሥርዓት ባለው አማርኛዋ፣ የደወሉላቸውን ደንበኛ ማግኘት አይችሉም አለች። ድንኳን ሙሉ ሰው ሰማት።

«ይኸው» አለች ጎረቤቴ፣ ስልኩን ወደ እኛ ዘርግታ። «እሷም ሞተ አትለኝ፣ አለ አትለኝ። የሚነግረኝ ሰው ፈልጉልኝ።»

ያን ጊዜ አንዷ ጎረቤት የለቅሶ ነው ብላ የቀቀለችውን ንፍሮ ይዛ ገባች። ለማን እንደሆነ ሳንጠያየቅ ዘገንን። የልጁ እናትም እጇን ሰደደችና ዘገነች።