የጠጅቱ ጉልበት

ጠጅቱ ልደታ ኮንዶሚኒየም፣ አራተኛ ፎቅ ላይ ትኖራለች። ሰሞኑን ደረጃ ስትወርድ ጆሮዋ እግሯ ላይ ነው፤ የግራ ጉልበቷ ቀጭ ይልና ሳታስበው ይታጠፍባታል።

ጉልበቱ ሰው ሠራሽ ነው። የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሳለች፣ ሳምንቱን ሙሉ የዘነበበት ተራራ ተንዶ ቤታቸውን ቀበረው። አባቷ እዚያው ቀሩ፤ እሷ አንድ እግሯን አጥታ ወጣች። ከባሕር ማዶ የመጡ ሐኪሞች ድንኳን ውስጥ አክመው አተረፏት፤ አዲስ አበባ አምጥተውም እግር ገጠሙላት። ባደገች ቁጥር በነፃ ይቀይሩላት ነበር። በዚያ እግር ተማረች፣ በዚያ እግር ተዳረች፣ ሜክሲኮ አካባቢ አንድ ፀጉር ቤት ቆማ ሹሩባ ስትሠራ ኖረች።

ከዚያ የሐኪሞቹ ድርጅት ሥራዬን ጨርሻለሁ ብሎ ወደ አገሩ ተመለሰ። በመሰናበቻው ዕለት ጠጅቱም ከሰው ጋር አጨብጭባለች።

"ይቺ ዕቃ ከእነሱ ጋር ነበር የምትመጣው" አለቻት የሰው ሠራሽ እግር ወርክሾፕ ባለሙያዋ ሶረቲ፣ ጉልበቱን ፈትታ እያገላበጠች። "አሁን ማን ያመጣታል? እዚህ የሚሠራ አለን። ግን ይከብዳል፣ እንደዚህም አይታጠፍም። አረማመድ እንደ አዲስ ትለምጃለሽ።"

"ሰው ስንት ጊዜ ነው መራመድ የሚማረው?" አለች ጠጅቱ ቱግ ብላ። በማን እንደተናደደች ግን ለራሷም አልገባትም። ከሞት ያወጧትን ሰዎች እንዴት ትርገማቸው?

ለባሏ ለሰላሁን ትንፍሽ አላለችም። ፀጉር ቤት ግድግዳ ተደግፋ መሥራት ጀመረች፤ ዝናብ ከጣለ ከቤት አትወጣም።

አንድ ጠዋት ሕፃን ልጇን እድላዊትን አቅፋ ስትወርድ ጉልበቱ ከዳት። ከፊቷ ይወርድ የነበረው ሰላሁን ጩኸቷን ሰምቶ ዞረና ልጅቷን ቀለባት። ጠጅቱ ደረጃው ላይ ተንከባለለች።

"ለምን አልነገርሽኝም?" አላት።

"ብነግርህ ትጠግነው ነበር?"

በማግስቱ ደግፎ ወርክሾፕ ወሰዳት።

አዲሱን እግር ወራት ፈጅታ ለመደችው። አሁን የደረጃውን ብረት ይዛ በጎኗ ትወርዳለች፤ ሹሩባውንም ተቀምጣ ትሠራለች። ልጅቷን ግን አቅፋ አትወርድም።

ባለፈው ማሰሪያውን ልታስጠብቅ ሄዳ "የዚህስ ዕቃ ከየት ነው የሚመጣው?" ብላ ጠየቀች።

"ብረቱን እዚሁ ነው የምንሠራው" አለች ሶረቲ።

"ፕላስቲኩስ?"

"እሱ ከውጭ ነው።"

ጠጅቱ ቀና ብላ አየቻት።

"ለጊዜው አለን" አለች ሶረቲ፣ ማሰሪያውን እየሳበች።