በገብርኤል ስም የተቆለፉት ካሜራዎች

ዘላለም ባጃጅ መጠበቅ አቅቶት እስከ አቦከር ሰፈር ሮጠ። የእትዬ ጥሩወርቅን በር ሲያንኳኳ ትንፋሹ ቁርጥ ቁርጥ ይል ነበር።

ካሜራ ገጣሚ ነው። ደንበኞቹ የይለፍ ቃሉን እየረሱ ስላስቸገሩት ለሁሉም አንድ ዓይነት ይሰጣቸዋል፦ «ገብርኤል19»። እነሱም ቤታችንን መልአኩ ይጠብቅልናል እያሉ ይመርቁታል።

የኮምፒውተር አስተማሪዋን የዮዲን ቤት ካሜራም የገጠመው እሱ ነው። ዛሬ ዮዲ እሱ የገጠማቸውን ካሜራዎች ከኢንተርኔት ላይ ፈልጋ፣ ያንኑ ቃል እየጻፈች የአርባ ሰው ግቢ በስልኳ ከፈተችለት። ጉድ ነው! ሐኪም ጋራ ከሚባለው ተራራ ላይ ነፋስ የተሰጣ የሰው ልብስ ሲያወዛውዝ ዮዲ ቤት ቁጭ ብሎ አየ። ያ ሁሉ ግቢ አንዲት መዳፍ ውስጥ ገባ።

«ከየትም አገር ያለ ሰው እንዲህ ማየት ይችላል» አለችው።

ቀጥሎ እትዬ ጥሩወርቅ ነጠላቸውን ጥለው ፀጉራቸውን ሲታጠቡ ታዩ። ያኔ ነው የሮጠው።

«እትዬ፣ ካሜራውን ልነቅለው ነው!»

«ምን ነካህ አንተ? በገብርኤል ስም የቆለፍከውን ማን ደፍሮ ይከፍተዋል?»

«ቃሉን ሰው ሁሉ ያውቀዋል እኮ። አሁን ሲታጠቡ በስልክ አየሁዎት።»

ፎጣቸውን ራሳቸው ላይ ሳብ አድርገው ካሜራውን ቀና ብለው አዩት።

«ካንተ ሌላስ ማን አየኝ?»

ዘላለም ወንበር ላይ ወጥቶ ሽቦውን ነቀለ። ማን እንዳያቸው፣ ያየውም ሰው ባየው ነገር ነገ ምን እንደሚያደርግ አያውቅም።