ዝሆን ያሻገረ አሞራ

ማርያምን እያልኩ ብምልም እንደማታምኑኝ አውቃለሁ። ሙቀቱ እንቁላል በኪስ በሚቀቅልበት ቀን በሰው አገር የወደብ ከተማ፣ ካርቲየ 5 በሚባለው ሰፈር አንዲት ሻይ ቤት ገባሁ። አጠገቤ ሰዓዳ የምትባል የወሎ ልጅ ፌስታሏን ታቅፋ ተቀምጣለች፤ ዛሬ በጀልባ ወደ የመን የሚያሻግራትን ደላላ ትጠብቃለች።

ቴሌቪዥኑ የድሮ ካርቱን ያሳያል። ወሬው ፈረንሳይኛ ነው፤ እኔ የማውቀው "ቦንዡር" ብቻ። አንድ እግረ ረጅም አሞራ የዝሆን ግልገል በጨርቅ ቋጥሮ ባሕር ተሻገረና ለዶሮ አስረከበ! ዶሮዋ ጮኸች። አሞራው ይቅርታ ጠይቆ ወሰደና ደግሞ ለድመት የአሳማ ግልገል አመጣላት።

"ያዘው! ሌባ!" ብዬ ልወረውርበት ጫማዬን አወለቅኩ። በእኛ አገር አሞራ ጫጩት ይነጥቃል እንጂ መቼ ልጅ ያድላል?

የሻይ ቤቱ ባለቤት ሮጦ ቴሌቪዥኑን አቀፈ። "ሰውዬ፣ ተረጋጋ! በፈረንጅ ተረት ልጆችን ለወላጆቻቸው የሚያመጣው አሞራ ነው!"

"ከማን ተቀብሎ?"

ባለቤቱም ግራ ገባው። ቴሌቪዥኑን አየ፤ እኔን አየ።

ሰዓዳ ግን ዓይኗን ከአሞራው ሳትነቅል፣ "ጋሼ፣ ይሄማ ደላላ ነው" አለች። "ግን ከእኛው ይሻላል፤ ቢሳሳትም በሕይወት ያስረክባል!"