የሚንከ እግር

እኛ በሆላንድ አገር ሰሜን የምንኖር የፍሪስላንድ ሰዎች የቤታችንን የፊት በር የምንከፍተው ሙሽራ ስትገባና አስከሬን ሲወጣ ብቻ ነው። ሌላው ሰው ሁሉ፣ ፓስተሩም ጭምር፣ በጓሮ ዞሮ፣ ላሞቹ በታሰሩበት በረት አልፎ፣ የእንጨት ጫማውን አውልቆ ወደ ወጥ ቤት ይዘልቃል። ቤቱና በረቱ በአንድ ጣሪያ ስር ናቸውና ማንም አይቸገርም። ስለዚህ ጀርመኖች አገሩን ከያዙ በኋላ በአራተኛው መከር፣ ዝናብ ሲያወርደው በዋለበት ቀን፣ የዊትስከ የፊት በር ሲንኳኳ ሴትዮዋ ስትልጠው የነበረውን ድንች ጣለች። ማን ሞተ? ነበር የመጀመሪያ ሐሳቧ።

"ማነው?" አለች በቁልፉ ቀዳዳ።

"ሳሎ ነኝ፣ የከብት ነጋዴው። ሮስዬም አብራኝ አለች።"

"ታዲያ በዚህ በር ምን አመጣህ? ነፍሴን ልታወጣት ነበር እኮ። እንደ ሰው በጓሮ አትመጣም?"

ሳሎ አፉን ወደ ቁልፉ ቀዳዳ አስጠጋ። "በጓሮ የሚገባ እንግዳ ነው፣ ዊትስከ። እኔ እንግዳ ልሆንሽ አልመጣሁም። እምቢ ካልሽኝ በረትሽን ሳልረግጥ ልመለስ ብዬ ነው።"

ሳሎና ሚስቱ ሮስዬ አይሁድ ነበሩ። የከተማው ቤታቸው ተበርብሮ ከተዘጋ ቆይቷል። በደበቃቸው ሰው ላይም ጎረቤት ጠቁሞበት፣ እነሱ በመስኮት ወጥተው በቦዩ ዳር ሲሄዱ ነው የዋሉት። ዊትስከ በሩን ልትከፍት ታገለች። ባሏ በሣጥን ከወጣበት ቀን ወዲህ ስላልተከፈተ እንጨቱ በእርጥበት አብጦ ተጣብቋል። ብትገፋ፣ በትከሻዋ ብትመታው፣ ንቅንቅ አላለም። በመጨረሻ "በጓሮ ኑ፣ ቶሎ በሉ፣ ሰው ሳያያችሁ" አለች፤ ጉዳዩም በዚሁ ተቆረጠ።

ዊትስከ ጀግና ነበረች የሚል ካለ አላወቃትም። ፈሪ ነበረች፤ ይህን የምለው ላማት ብዬ አይደለም፣ ራሷም አትክደውም። ነጎድጓድ ትፈራለች፣ ዝይ ትፈራለች፣ ጥርስ ሐኪም ዘንድ ከመሄድ ጉንጯ አብጦ መክረም ትመርጣለች። ጥላዋን የምትፈራ ሴት ናት እያልን ስንስቅባት ነው ያደግነው። ፈሪ ለእናቱ ይባላል፤ ዊትስከ እናትም አልነበራትም። ለምን እንዳስገባቻቸው ኋላ ስትጠየቅ፣ "እምቢ ማለቱንም ፈራሁ" ነበር መልሷ። "ብመልሳቸው ያን በር ባየሁ ቁጥር እደነግጥ ነበር።"

ደግሞም ሳሎን ታውቀዋለች። ባሏ በሞተ ሰሞን ነጋዴው ሁሉ ባልቴት ናት ብሎ ጥርሷ ያለቀ ላም ሊጭንባት ሲያንዣብብ፣ ሳሎ ሚንከ የምትባል ላም ነድቶ መጣ። እንደ አገሩ ወግ መዳፍ ለመዳፍ እየተማቱ በዋጋ ተከራከሩ፤ የመጨረሻው ምት መሐላ ነው። "ይህቺ ላም ግትር ናት፣ ደብቄ አልሸጥልሽም" አላት። "ለምታውቀው ሰው ማር ናት። ላላወቀችው ግን ሥር እንደሰደደ ዛፍ ናት፤ ጎትተሽ አታንቀሳቅሻትም።" እንዳለውም ሆነች። ዊትስከ ምላሷን ጠቅ ስታደርግላት ወደፈለገችው ትሄዳለች፤ ሌላ ሰው ገመዷን ቢይዝ ግንባሯን አቀርቅራ ትቆማለች።

በሚንከ ማሰሪያ ቦታ፣ ከፊት እግሮቿ ስር፣ የዊትስከ ባል ድንች ያከማችበት የነበረ ጉድጓድ አለ። በላዩ ሳንቃ፣ በሳንቃው ላይ ጭድ፣ በጭዱ ላይ ሚንከ። ክረምቱን ሳሎና ሮስዬ ከላይ ቆጡ ላይ በድርቆሹ ውስጥ ተደብቀው አሳለፉ። ጀርመኖች ሊፈትሹ የመጡ ቀን ወጋችንን ስለማያውቁ የፊት በሩን ነበር የሚደበድቡት፤ ያ በር እስኪከፈት ሰው ጸሎቱን አድርሶ ይጨርሳል። ዊትስከ የምትፈራው በጓሮ የሚመጣውን ነው። በጓሮ የሚመጣው የአገር ሰው ነው፣ የአገር ሰው ደግሞ ጆሮውም ዓይኑም በረት ውስጥ ያደገ ነው። ስታልብ ፍርሃቷን ላሞቹ ያውቁባታል፣ ወተታቸውንም ይይዙባታል። ግንባሯን በሚንከ ጎን ላይ አስደግፋ እስክትረጋጋ ትቆያለች፣ ሚንከም ትጠብቃታለች።

ከዚያ ግንቦት መጣ። በግንቦት ድርቆሹ ያልቃል፣ አዲሱ እስኪታጨድ ቆጡ ራቁቱን ይቀራል። ስለዚህ ሁለቱ ሰዎች ወደ ጉድጓዱ ወረዱ። ግን በግንቦት ላሞችም ወደ መስክ ይወጣሉ። ላሞቹ እንደወጡ በረቱ በውሃና በአሸዋ ይታጠባል፣ ኖራ ይቀባል፣ ሳንቃው ነጭ እስኪሆን ይፈገፈጋል። ያልታጠበ በረት ያላት ሴት እኛ ዘንድ ከሌባ አትሻልም። ጎረቤቷ ሂልትዬ ደግሞ ባልቴቷን ላግዝ ብላ በየዓመቱ ብሩሿን ይዛ ከች ትላለች።

ዊትስከ ሚንከን በጉድጓዱ ላይ አስቀርታ ሌሎቹን ላሞች ለቀቀች። ላሞቹ ሣር ሲያዩ እንደ ጥጃ እየዘለሉ ወጡ። ሚንከ ብቻ ከውስጥ ስትጮህ ትሰማለች።

"ሚንከሽስ?" አለች ሂልትዬ ከአጥሩ ማዶ።

"ሚንከ... አሟታል። እግሯን።" ሳታስበው ነው ያመለጣት።

"ውይ! ባለፈው ሳያት ደህና አልነበረች?"

"ዛሬ ነው የጀመራት።"

"ለዱርክ ልንገርልሽ። ፖሊስ ሆኖ ተበላሸ እንጂ የከብት እጅ አለው።"

"ተይው ሂልትዬ፣ ይሻላታል።"

"ምን ያስቸግረኛል? እሁድ ቤተ ክርስቲያን አገኘው የለ።"

ዱርክ የዊትስከ ባል የልብ ወዳጅ ልጅ ነው። በጦርነቱ የጀርመኖች ፖሊስ ሆኖ አይሁድ እያሳደደ ይይዛል። በክረምቱ ከአንድ ዳቦ ጋጋሪ ጣሪያ ስር አንድ ቤተሰብ ከነሕፃናቱ አውርዶ የወሰደው እሱ ነው። ዊትስከ በረት ውስጥ ገብታ በባልዲው ላይ ቁጭ አለችና በሳንቃው ቀዳዳ የሆነውን ነገረቻቸው።

"አሟታል አልሽ?" አለ ሳሎ ከስር።

"አምልጦኝ ነው።"

"ዱርክ እግሯን ያነሳል። ደህና ሆና ካገኛት ለምን ዋሸች ይላል። ለምን ዋሸች ያለ ሰው ደግሞ ወለሉን ያያል።"

"ላውጣት እንግዲህ።"

"ብታወጫት በመስኩ ላይ ስትዘል ያያታል። እዚህም ባዶ ሳንቃ ይቀራል፣ ሂልትዬም ብሩሿን ይዛ ትመጣለች።"

"እኛ እንሂድላት" አለች ሮስዬ።

"የት?" አለ ሳሎ።

ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ አንድ የክፉ ነጋዴ ሥራ፣ የሰው ከብት አንካሳ አድርጎ በርካሽ መግዣ፣ እንዳለ ለዊትስከ ነገራት። ምስማር በሰኮናው ለስላሳ ክፍል ይገባል፤ ከውጭ ጫፉ እንኳ እንዳይታይ ይደረጋል፤ በሁለት ቀን ያብጣል። በወጉ ከታከመ ይድናል። "እኔ አድርጌው አላውቅም" አለ፤ "ስንት ጊዜ ሲደረግ አይቼ ግን ከሰውዬው ጋር መዳፍ አልማታም ብያለሁ። አውጭኝና እኔው ልሥራው።"

"አንተ ስትነካት ትደነብራለች፣ ከነካሃት ዘመን አልፏል። ከእኔ እጅ ነው የማትሸሸው" አለች ዊትስከ። ይህን ስትል ድምፅዋ ተሰበረ፣ ምክንያቱም እውነት ነበር።

ከባሏ የመሣሪያ ሣጥን ምስማሩን መርጣ መጣች። ምላሷን ጠቅ አድርጋ የፊት ግራ እግሯን መታ ስታደርግላት፣ ሚንከ እንደ ሁልጊዜው ድንጋይ ልታወጣላት መስሏት እግሯን አንስታ ሰጠቻት። ዊትስከ ሰኮናውን በጉልበቷ መሐል አድርጋ በመዶሻው መታችው። አንዴ አልበቃም። ሚንከ አልተራገጠችም፤ መላ ሰውነቷ ተንቀጠቀጠና ፊቷን አዙራ አየቻት። ዊትስከ እግሩን አስቀምጣ ወደ በረቱ የፍሳሽ ቦይ ሮጠችና አስመለሳት። ሌላ ማድረግ የምትችለው ነገር አልነበረም፣ ቢሆንም ያን ቀን ራሷን ጠላች።

ዱርክ ሰኞ ከሰዓት በኋላ መጣ። የእንጨት ጫማ ትቶ ቡትስ ስለሚያደርግ ኮቴው ከጓሮው ድንጋይ ላይ ሲሰማ ዊትስከ ማን እንደሆነ አወቀች። ሁለቱ ሰዎች አየር ለመውሰድ ከጉድጓዱ ወጥተው ነበር። ለሚንከ ምላሷን ጠቅ አደረገችላት፤ ላሟ በሦስት እግሯ እያነከሰች ፈቀቅ አለች። ሰዎቹ ወረዱ፣ ሳንቃው ተመለሰ፣ ጭዱ ተበተነ፣ ሚንከም ተመልሳ ቆመች። በሩ ተከፈተ።

"አክስቴ፣ ታማሚዋ የታለች?"

"ይኸውልህ። ምን ባስቸገርኩህ።"

ዱርክ ባርኔጣውን በግድግዳው ምስማር ላይ ሰቀለ። "እዚህ ጨለማ ነው። ወደ ብርሃን እናውጣት" አለና ገመዷን ያዘ። ሚንከ አቀረቀረች። ሳበ፤ ጎኗን መታ መታ አደረጋት፤ እንደገና ሳበ። ላሟ ሳንቃው ላይ ተተከለች።

"የሳሎ ከብት ናት አይደል?" አለ እየሳቀ። "የግትር ከብት ግትር። ያ አይሁዳዊ የት ገባ አሁን?"

"እኔ ምን አውቃለሁ።"

"ይገኛል" አለ ዱርክ፣ ስለ ዝናብ እንደሚያወራ ሰው። ከዚያ ተንበርክኮ የሚንከን እግር በጭኑ ላይ አስቀመጠ። የቀኝ ጉልበቱ ያረፈው ልክ በሳንቃው መክፈቻ ላይ ነው፤ ሳንቃው ሲጥ ሲል ሦስቱም ሰሙት፣ ሁለቱ ከታች አንዷ ከላይ። ዊትስከ የግርግሙን እንጨት ጨበጠች።

"ምን ያንቀጠቅጥሻል፣ አክስቴ?"

"ደም... ደም አልወድም።"

"ኧረ አንቺ ምኑን ነው የማትፈሪው! አባቴ፣ ዊትስከ ወተት ሲናጥም ትደነግጣለች ይለን ነበር።" እየሳቀ ቢላውን አወጣ። ሰኮናውን ቀስ እያለ ቀረፈ፣ መግሉ ፈሰሰ፣ ምስማሩም ወጣ። በጣቶቹ መሐል ይዞ ወደ መስኮቱ ብርሃን አነሳው።

"ግቢሽን ቀን በቀን የምትጠርጊ ሴት! ይህን እንዴት አላየሽም?"

"ፈራሁ... እግሯን ማየት ፈራሁ።"

ራሱን ነቀነቀ። ቁስሉን አጠበ፣ ሬንጅ ቀባ፣ በጨርቅ አሰረው። እጁ ለስላሳ ነበር፤ ሚንከ እንኳ ለእሱ ዝም አለች። ሲነሳ ግንባሯን እያሻሸ፣ "እንስሳ አይናገርም፣ አክስቴ፣ ሊታዘንለት ይገባል" አለ። "ድርቆሹ እስኪገባ ከዚህ ጭድ ላይ ንቅንቅ እንዳትል። ለሂልትዬም እነግራታለሁ፣ ዘንድሮ ይህን ጥግ ሳታጥቡት ይለፍ።"

እንዲህ አድርጎ የራሱ ቃል ጉድጓዱን ዘጋው። በዚያው ሳምንት ዱርክ ከአንድ ወፍጮ ቤት ሁለት ሽማግሌ ባልና ሚስት አውጥቶ በከባድ መኪና ጫነ። ሴትዮዋ ልብሷን ልትይዝ ስትለምነው ጊዜ የለም ብሏት ነበር አሉ። ዊትስከ ይህን ስትሰማ የሚንከን ጨርቅ እየቀየረች ነበር። ያ ለስላሳ እጅ ትዝ አላትና ጨርቁን ወርውራ አለቀሰች።

ድርቆሹ ገባ፣ ሁለቱ ሰዎች ወደ ቆጡ ወጡ፣ የሚንከም እግር ዳነ። ትሄዳለች፣ ትበላለች፣ ወተትም ትሰጣለች። ዊትስከ ፈተናው አለፈ አለች።

በቀጣዩ ሚያዝያ ድርቆሹ እንደገና ሊያልቅ ሲል፣ ላሞቹም ገና በረት ውስጥ ሳሉ፣ አንድ ጧት የፊት በሩ ተደበደበ። በቡጢ ሳይሆን በጠመንጃ ሰደፍ ይመስላል። ዊትስከ እጇን ሳታደርቅ ወደ በረት ሮጠች። ሳሎና ሮስዬ ከቆጡ ወርደው ደርሰዋል። ድርቆሹ ከገባ ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳንቃውን ልታነሳ፣ ምላሷን ጠቅ አድርጋ ከሚንከ እግር አጠገብ ጎንበስ አለች።

ሚንከ ፈቀቅ አላለችም። የፊት ግራ እግሯን አነሳችላት።

አንስታ ያዘችው፣ ሰኮናውን ወደ ዊትስከ ጉልበት አስጠግታ። መላ ሰውነቷ ይንቀጠቀጣል፣ ግን አላወረደችውም። ምስማሩን እየጠበቀች ነው።

በሩ ይደበደባል። ሳሎ "ዊትስከ፣ ሳንቃው!" እያለ ነው። ዊትስከ ግን እግሩን ተቀብላ ጭድ ላይ ተቀምጣ ቀረች። በዚያች ደቂቃ በጓሮ በኩል ሂልትዬ ያለ ጫማ ዘላ ገባች፤ ሁለቱን ሰዎች ስታይ አፏን ያዘች፣ ከዚያ ግን የመጣችበትን አልረሳችም። "ካናዳውያን ናቸው! ጀርመኖች ሄደዋል! እነዚህ ጅሎች በአስከሬን በር ሊገቡ ይታገላሉ!"

የቤተ ክርስቲያኑ ደወል መደወል ጀመረ። ሮስዬ የሂልትዬን አንገት አቅፋ ወጣች። ሳሎ እስከ ደጃፉ ደርሶ ተመለሰ። ዊትስከ እዚያው ናት፣ ሰኮናው ጭኗ ላይ።

"አልቋል እኮ፣ ዊትስከ። ነይ እንውጣ።"

"አንተ ሂድ" አለችው። "እኔ እግሯን እስክታወርድ ልቀመጥ።"

ሚንከ ቶሎ አላወረደችውም።