ለጥሩ ቀን የተቀመጠ ቤንዚን

ባለቤቴ ውኃ በኃይል በሚረጭ የቤንዚን ላቫጆ ማሽኑ መኪናና ግድግዳ ሲያጥብ ሃያ ዓመቱ ነው። የሰፈሩ ሰው «ይቆይ» ይለዋል፤ ሲያናድደኝ እኔም እለዋለሁ። አዲስ አንሶላ ስናገኝ፣ «ይቆይ፣ ለእንግዳ ነው።» አዲስ ብርጭቆ ስገዛ፣ «ይቆይ።» አንድ ሰማያዊ ኮትም አለው፤ ለጥሩ ቀን እየተባለ ቁም ሳጥን ውስጥ ዘጠኝ ዓመት ተሰቅሏል።

ባለፈው ሳምንት ልጃችን የልብስ ስፌት ሱቅ ልትከፍት ሆነ። የተከራየችው ቤት ጋራዥ ስለነበር የፊቱ ግድግዳ በግሪስ ጠቁሯል።

«አባዬ፣ ይህን ግድግዳ አይቶ ማን ልብሱን አምኖ ይሰጠኛል?» አለችው በመክፈቻው ዋዜማ።

«ለእኔ ተዪው» አለ።

ለእንዲህ ያለ ቀን ብሎ ካለፈው ዓመት ጀምሮ ጓሮ ያኖረው ጀሪካን ነበር፤ ከማደያው ውዱን መርጦ የገዛው ቤንዚን። በማሽኑ ውስጥ የነበረውን የየቀኑን ቤንዚን ቀድቶ አወጣና ያንን ሞላበት። ገመዱን ሳበ። ሞተሩ ሁለት ጊዜ አስነጠሰና ዝም አለ። እሳት ሰጪውን ካንዴላ ፈትቶ ጠረገ፤ ደግሞ ሳበ። እኩለ ቀን ሆነ። ልጄ ጥፍሯን ትበላለች።

ጎረቤታችን አናጺው ብቅ አለና፣ «ዘይት ቀላቅልበት! የእኔ የሞተር መጋዝ ያለዚያ አይነሣም» አለ።

ደግነቱ፣ ቤቱን የለቀቀው መካኒክ የቀረ ዕቃውን ሊወስድ መጣ። ግሪሱ የእሱ ስለሆነ መርዳቱም ዕዳው ነበር። ጀሪካኑን ከፍቶ አሸተተ።

«ጋሼ፣ ይሄ ስንት ጊዜው ነው?»

«ዓመት አልፎታል። ምርጡ ነው!»

«ነበር። ቤንዚን ሲቆይ ጉልበቱ ይተናል፤ የተረፈው ቤንዚን የሚያልፍበትን ካርቡራተር ይደፍነዋል። ይህ ማሽን የሚፈልገው ተራውን ነው፣ ብቻ ትኩስ ይሁን።» ወደ አናጺው ዞረ። «ዘይት የሚቀላቀለው ለአንተ መጋዝ ነው። የዚህ ማሽን ዘይት ማስቀመጫው ለብቻው ነው።»

ባለቤቴ አንገቱን ደፋ። አንጀቴን በላው፤ ከሁሉ የተሻለውን ለልጁ ማውጣቱ ነበር። ምላሴ ግን አያርፍም።

«ኮቱስ?» አልኩት።

መካኒኩ ካርቡራተሩን አጠበ፣ ታንከሩን አጸዳ፣ ያንኑ የየቀኑን ቤንዚን መልሶ ሞላ። ገመዱ አንዴ ሲሳብ ሞተሩ ጮኸ። እስከ ማታ ግድግዳው የጥንት መልኩን አገኘ፤ ክሬም ነበር ለካ!

በማግስቱ ጠዋት ባለቤቴን ኮቱን ለብሶ መስታወት ፊት አገኘሁት። ቁልፉና ቀዳዳው አንገናኝም ብለዋል። ኮቱ ባለበት ሲቆይ ሆዱ አልጠበቀውም። ሳቄ እንባ አወጣ፤ እሱም ሳቀ። ኮቱ እንደተከፈተ እጁን ይዤ ወደ ሱቁ ወሰድኩት።

ልጃችን ሜትሯን አንገቷ ላይ አድርጋ የመጀመሪያውን ደንበኛ ትጠብቃለች።

«ልጄ፣ ከጎኑ ትንሽ ይለቀቅልኝ ይሆን?» አላት በሹክሹክታ።

ገበሩን ገልጣ አየች። «ትርፍ ጨርቅ አለው። ለመቼ ይድረስልህ፣ አባዬ?»

«ለዛሬ» አለ።