ዳቦ ጋጋሪዋና እንቅልፋሙ ቫይረስ

በሰፈሩ ዳቦ ቤት የምትሠራ አንዲት ሴት ነበረች። እናትና አባቷ ያወጡላትን ስም የሚያስታውስ ብዙም የለም፤ ሁሉም «ቶሎቶሎ» ነው የሚላት። ሊጥ ስታድበለብል እጇ አይታይም፤ ስታወራ ቃላቱ በር ላይ እንደተጨናነቀ ሰው ይጋፋሉ። ሊያሾፉባት የሚፈልጉ ደንበኞች «የቶሎ ቶሎ ቤት ግድግዳው ሰንበሌጥ» ይሏታል። እሷም ከሊጡ ቀና ሳትል፣ «ግድግዳውን ተወውና ዳቦውን ቅመስ» ትላለች። የቀመሰ ሰው ተረቱን ሁለተኛ አያነሳም።

ሠላሳ ስድስት ዓመቷ ላይ፣ አንድ ጠዋት ምድጃው ፊት ቆማ በረጅሙ የእንጨት አካፋ ዳቦ ስታወጣ ቀኝ ዓይኗ ጭጋግ ለበሰ። ዱቄት የገባባት መስሏት ታጠበች፤ አልለቀቀም። ግራ ዓይኗን ጨፍና ስታይ፣ ያ ደስ የሚል ቡናማ የዳቦ ቅርፊት አመድ መሰላት። ዓይኗን ስታዞር ከበስተጀርባው ይወጋታል። ምድጃው ሲግል ይብስባታል፤ በሩ ላይ ወጥታ ነፋስ ሲነካት ቀለል ይላታል።

የዓይን ሐኪሙ መረመራትና፣ «ዓይንሽ ደህና ነው፤ የታመመው ከኋላው ያለው ነርቭ ነው» ብሎ ወደ ነርቭ ሐኪም ላካት። የነርቭ ሐኪሟ ፀጉራቸው የሸበተ፣ እያንዳንዱን ቃል መዝነው የሚያወጡ ሴት ነበሩ። ቶሎቶሎ ዓረፍተ ነገራቸው እስኪያልቅ ትዕግሥቷ ያልቅ ነበር። ጭንቅላቷ በኤምአርአይ ታየ፤ ከጀርባዋም ፈሳሽ ተቀዳ። ውጤቱ ሲደርስ ከባሏ ጋር ገብታ ተቀመጠች።

«የሰውነትሽ ወታደሮች ተሳስተዋል» አሏት ሐኪሟ። «ጠላት ትተው የገዛ ነርቮችሽን ሽፋን እያጠቁ ነው። በሽታው መልቲፕል ስክለሮሲስ ይባላል።»

ባሏ ኤሌክትሪክ ሠራተኛ ነው። ሽፋን የምትለዋን ቃል ሲሰማ ቀና አለ። «የሽቦ ፕላስቲክ እንደሚላጠው?»

«እንደሱ። መልእክቱ ይዘገያል፤ አንዳንዴም ጭራሽ አይደርስም።»

«የተላጠውን መሸፈን ይቻላል?»

«ሰውነቷ ራሱ ጥቂቱን ይሸፍናል። ሁሉንም እንመልሳለን ብዬ አልዋሻችሁም። ሌላ እንዳይላጥ ግን ብዙ ማድረግ እንችላለን።» ከዚያ ወደ ቶሎቶሎ ዞሩ። «በወጣትነትሽ አንገትሽ አብጦ፣ ጉሮሮሽ ቆስሎ፣ ትኩሳት ይዞሽ ያውቃል?»

ያውቃል እንጂ። አሥራ ስምንት ዓመቷ ላይ ነበር። አንገቷ አብጦ ወንድሞቿ «ራስሽ የት ያበቃል፣ ትከሻሽ የት ይጀምራል» እያሉ ይስቁባት፣ እናቷ ሾርባ በማንኪያ ያጎርሷት ነበር። ከዳነች በኋላ እንኳ ባልዲ ለማንሳት ወር ሙሉ አቅም አልነበራትም።

«ኤፕስታይን ባር የሚባል ቫይረስ ሳይሆን አይቀርም» አሉ ሐኪሟ። «በምራቅ ይተላለፋል። አብዛኛው ሰው በልጅነቱ ሳያውቀው ይይዘዋል። አንዴ ከገባ አይወጣም፤ ነጭ የደም ሕዋስ ውስጥ ተኝቶ ይኖራል። ተመራማሪዎች ብዙ ሰው ለዓመታት ተከታትለው ሲያዩ፣ በሽታሽ የያዛቸው ሰዎች ሁሉም ማለት ይቻላል አስቀድሞ ቫይረሱ ይዟቸው ነበር።»

«ታዲያ ያሳመመኝ እሱ ነዋ?»

«ያለ እሱ የሚነሳ አይመስልም። ብቻውን ግን አይበቃም። ቫይረሱ ያለበት ሰው ዓለምን ሞልቷል፤ የሚታመመው ጥቂት ነው። የዘር ነገር አለበት፣ ሲጋራ አለበት፣ የፀሐይ ማነስ አለበት፣ እኛም ገና ያልደረስንበት ነገር አለበት።»

ቶሎቶሎ ነገር መደበቅ አትችልም። ቤት ስትገባ የሰማችውን ሁሉ ባንድ ትንፋሽ አወራችው። ከሰሙት መካከል አብረዋቸው የሚኖሩት የባሏ ታላቅ እህት ነበሩ። እናቱ ሲሞቱ ያሳደጉት እሳቸው ናቸው፤ በቤቱ ሁሉም «እትዬ» ይላቸዋል። እትዬ ከዚያ ሁሉ ወሬ ሁለት ቃል ብቻ ይዘው ቀሩ፦ ቫይረስና ምራቅ።

ሳምንታት አልፈው የቶሎቶሎ የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ ከትምህርት ቤት ጉሮሮዬን ብላ፣ አንገቷ አብጦ ስትመጣ ግን የያዙት አልያዝ አላቸው። የቶሎቶሎን ብርጭቆ ከሌላው ለይተው ከመደርደሪያው ጫፍ አስቀመጡት።

«ልጅቱን ማን እንዳስያዛት ለማወቅ ሐኪም መሆን አያስፈልግም» አሉ።

ባሏ በእህቱና በሚስቱ መሃል ሲገኝ ያልተበላሸ ሶኬት ሊጠግን ወደ ጓዳ ገባ።

ቶሎቶሎ ልጇ አጠገብ ተቀምጣ ያበጠውን አንገት በእጇ ስትዳስስ፣ የራሷን አንገት የዳሰሰች መሰላት። እትዬ እውነታቸውን ቢሆንስ? አብራት በልታለች፣ አብራት ጠጥታለች፣ ጉንጯን ስማታለች። ሐሳቡ እንደ ነቀዝ ይበላት ጀመር። እሷ ግን ሐሳብ አቅፎ መቀመጥ አልፈጠረባትም። ብድግ ብላ እትዬ ወዳሉበት ሄደች።

«እትዬ፣ ነገ ሐኪሟ ዘንድ እንሄዳለን። ልጅቱም፣ እርስዎም።»

«እኔ ደግሞ ምን ቤት ነኝ?»

«ፈርደዋል አይደል? ዳኛ ደግሞ ምስክር መስማት አለበት።»

በማግስቱ ሐኪሟ ልጅቱን መርምረው ደሟን አስመረመሩ። ያው ቫይረስ ነበር። «ዕረፍት፣ ውሃ፣ እንቅልፍ» አሏት። «ጣፊያሽ ስላበጠ ኳስ ለጥቂት ሳምንታት የለም።» ልጅቱ ከበሽታው ሁሉ ይልቅ ለኳሱ አዘነች።

ቶሎቶሎ ፈጥና ጣልቃ ገባች። «የእኔው በሽታ ይደርስባት ይሆን?»

«ዕድሏ ከሌላው ልጅ ትንሽ ከፍ ይላል፤ አልደብቅሽም። ያም ሆኖ ትንሽ ነው። እንዲህ ያለ እናት ካላቸው ልጆች አብዛኞቹ ጤነኛ ሆነው ነው የሚያረጁት። አታጭስ፣ ፀሐይ ታግኝ፣ ከዚያ ትኑር።»

እትዬ ከዚህ በላይ መታገሥ አልቻሉም። «እናቷ ናት ያስያዘቻት፣ አይደለችም?»

«ልትሆን ትችላለች» አሉ ሐኪሟ፣ እንደ ልማዳቸው ቀስ ብለው። «የክፍል ጓደኛዋም ልትሆን ትችላለች። አባቷም። እርስዎም።»

«እኔን እንዲህ ያለ ነገር በዕድሜዬ ይዞኝ አያውቅም።»

«ብዙ ሰው እንደዚያ ይላል። ከፈለጉ ደምዎን እንየው።»

እትዬ ግትር ናቸውና እጅጌያቸውን ሰብስበው ክንዳቸውን ዘረጉ። ውጤታቸውን ሊሰሙ የሄዱት ከቶሎቶሎ ጋር ነበር። አለባቸው፤ ያውም የቆየ፣ ምናልባት ከልጅነታቸው ጀምሮ አብሯቸው የኖረ። ቤት እንደገቡ ብርጭቆውን ከመደርደሪያው ጫፍ አወረዱ፤ ሻይ ቀድተው መጀመሪያ ራሳቸው ፉት አሉና ለቶሎቶሎ ሰጧት።

«አፌ ቀደመኝ፣ ልጄ» አሉ። «ቶሎቶሎ መባል የነበረብኝስ እኔ ነኝ።»

ቶሎቶሎ ሳቀች፤ ሻዩንም ጠጣች። ከዚያ ወዲህ ሰፈር ውስጥ ስለ እሷ የሚንሾካሾክ ሰው እትዬ ጆሮ ከደረሰ ወዮለት፤ «እኔም አለብኝ፣ አንተም ሳይኖርብህ አይቀርም፤ ሂድና ተመርመር» ይሉታል።

ልጅቱ አገግማ ወደ ኳሷ ተመለሰች። ቶሎቶሎም ሕክምናዋን ጀመረች። በየስድስት ወሩ ግማሽ ቀን ተቀምጣ መድኃኒት በደም ሥሯ ይንጠባጠብላታል። መድኃኒቱ ከነጭ የደም ሕዋሶች የተወሰኑትን ያመነምናል፤ ቫይረሱ የሚተኛው እነሱ ውስጥ ነው። ሐኪሟ ቫይረሱን አስቀድሞ የሚከላከል ክትባት እየተሞከረ መሆኑንም ነግረዋታል። «ለእኔ አይደርስም» አለች ቶሎቶሎ፤ «ለልጅ ልጆቼ ከደረሰ ግን አልከፋም።»

የዳቦ ቤቱ ባለቤት፣ ሁሉም «ጋሼ» የሚሏቸው ሽማግሌ፣ ከምድጃው አንስተው መሸጫው ጋ ሊያስቀምጧት አሰቡ።

«ጋሼ፣ እኔን እዚያ ማስቀመጥ ደንበኛ ማባረር ነው» አለቻቸው። «ሊጡን ይስጡኝ። ጠረጴዛው ነፋስ ባለበት መስኮት ሥር ይሁን።»

ጠረጴዛው መስኮቱ ሥር ገባ። አንድ የበጋ ወቅት ግራ እግሯ ደንዝዞ ለወራት ከዘራ ይዛ ተመላለሰች። እግሯ ተመለሰ፤ ሙሉ በሙሉ ግን አይደለም፤ ሲደክማት ትንሽ ይጎትታታል። ቀይ ቀለም በቀኝ ዓይኗ አሁንም ፈዘዝ ይላል። እሷ ግን ሊጡን በእጇ ስለምታውቀው ዓይኗን ብዙ አታስቸግረውም።

ጋሼ ሲደክሙ የዳቦ ቤቱን ሥራ እንድትመራ አደረጓት። መጀመሪያ ያሠራችው ነገር ለምድጃው ክፍል ትልቅ የአየር ማውጫ ነው፤ የገጠመውም ባሏ ነው፣ በዚህ ጊዜ እንኳ እውነተኛ ሥራ አገኘ። አሁንም አንዳንድ ጠዋት አካፋውን ከጋጋሪው እጅ ነጥቃ ዳቦ ታወጣለች። ዓይኗ መደብዘዝ ሲጀምር አካፋውን ታስረክብና በሩ ላይ ወጥታ ቀዝቃዛ ውሃ ትጠጣለች። ዓይኗ ሲጠራላት ተመልሳ ትገባና ሊጧን ትቀጥላለች።