ከገመዱ ማዶ ያለው ሰው

ጋሽ ይኸነው ሃያ ስምንት ዓመት ቴሌቪዥን ውስጥ ሠርተው አንድ ቀን እንኳ በቴሌቪዥን አልታዩም። አዘጋጅና ዳይሬክተር ነበሩ። ጡረታ ወጥተው እንጅባራ ሲገቡ ግን ሥራቸውን ማስረዳት አቃታቸው። የሰፈራችን ባጃጅ ነጂ ደጉ ባገኛቸው ቁጥር፣ "ጋሼ፣ እውነቱን ያውጡት፣ ጥበቃ ነበሩ አይደል?" ይላቸዋል። አብረውት ይስቃሉ።

ታላቅ እህታቸው እማማ ወርቅአየሁ ሲጠይቋቸው ግን አይስቁም። አሳድገው፣ አስተምረው አዲስ አበባ የላኳቸው እኒህ እህታቸው ናቸው። አሁን ዓይናቸው እየደከመ ነው፤ ሐኪሙ ዓመት እንደማይቆይ ነግሯቸዋል።

"ሳላየው ልታወር ነው፤ ምንድን ነበር ሥራህ?"

የሚያሳዩአቸው ነገር የለም። በዚያ በጥቁርና ነጩ ዘመን ድራማው ሳይቀረጽ በቀጥታ ይተላለፍ ነበር፤ ተዋናዮቹ ሲያበቁ እሱም አበቃ። ይህን ስሰማ ማመን አቃተኝ። ያ ሁሉ ልፋት እንደ ጥርባ ሐይቅ ጉም ታይቶ መጥፋቱ!

ባለፈው ጥር ጋሽ ይኸነው አንዱን ድራማ እህታቸው ግቢ ውስጥ እንደገና ሊሠሩት ቆረጡ። ድራማው ፈረሱን ሊሸጥ ዳንግላ ገበያ ወርዶ፣ ሳይሸጠው ስለተመለሰ ገበሬ ነው። ደጉ ገበሬውን፣ ጎረቤታችን ፋና ሚስቱን ሆኑ። እኔ ቃል ለጠፋበት ላስታውስ ወረቀቱን ያዝኩ።

"ፈረሱስ?" አለ ደጉ።

"ፈረስ ስቱዲዮ አይገባም። አንተ ገመዱን ትጎትታለህ፤ ሌላው ጫፍ ካሜራው ከማያየው ቦታ ነው።"

"ማን ይዞት?"

"በተላለፈበት ዕለት የሚይዘው ሰው ቀረ። እኔው ያዝኩት።"

ጋሽ ይኸነው ጋቢ እንደ መጋረጃ ሰቀሉና የገመዱን ጫፍ ይዘው ከኋላው ገቡ። ድራማው ተጀመረ። ደጉ ፈረሱን ሲለማመጥ ገመዱ ነጠቅ፣ ለቀቅ ይላል፤ እውነት ፈረስ ያለ መሰለኝ።

"ቆይ!" አሉ እማማ ወርቅአየሁ። "ያ ገመድ ወዴት ነው የሚሄደው?"

"እታለም፣ እሱ አይታይም። ድራማው ወዲህ ነው።"

"ጋቢውን አውርደው።"

ጋሽ ይኸነው የተጠየቁት ዕድሜ ልካቸውን ያላደረጉትን፣ መታየትን ነበር። ከዚያ ጋቢውን በእጃቸው አወረዱት።

እማማ የተቀመጡበትን ዱካ ስበው ተጠጉ። ወንድማቸው በግራ እጃቸው ገመዱን ይስባሉ፤ በቀኙ ሦስት፣ ሁለት፣ አንድ ጣት አሳይተው ወደ ፋና ይጠቁማሉ፤ ፋናም በጥቆማው ትናገራለች። የሁሉንም ቃል ከንፈራቸው አብሮ ይላል። ፈረሱ ማሽካካት ሲኖርበት ያሽካካሉ።

ሲያልቅ አጨበጨብን። "ገበሬውን አየሽው፣ እታለም?"

"የምን ገበሬ? አንተን ነዋ ሳይ የነበረው። ይኸው ነው ሥራህ?"

"ይኸው ነው።"

"ታዲያ ፈረስ ነበርኩ አትለኝም!"

ደጉ በሳቅ መሬት ላይ ተቀመጠ። እማማ ወርቅአየሁ ግን ተነሥተው የወንድማቸውን ፊት በመዳፋቸው ያዙና ቀረብ ብለው ቆይተው አዩት። ጋሽ ይኸነው ገመዱን ገና አልለቀቁትም ነበር።